መርከበኛ ያልነበረው ወንድሜ

ወንድሜ ኤርሚያስ መርከበኛ አልነበረም። ይህችን አጭር ዓረፍተ ነገር ለመጻፍ አንድ ዓመት ፈጅቶብኛል። እናታችን ብታነባት ትቆጣለች። ባለቤቱ ሶስና መጀመሪያ ስትሰማት ተነሥታ ከክፍሉ ወጥታለች። ግን እውነት ናት። ይህን እውነት በጊዜው ባለመናገራችን ሐኪሞች በሽታውን ሳያውቁት ቀናት አለፉ። እሱ ካረፈ በኋላ ደግሞ በሥራ ላይ የተጎዳ ሠራተኛ መሆኑን የሚቀበልልን ቢሮ ጠፋ።

እኔ ከዚያው በሽታ የተረፍኩት ታናሽ ወንድሙ ነኝ። ናሆም እባላለሁ፤ ሃያ ሦስት ዓመቴ ነው፤ የምኖረው ካናዳ፣ ካልጋሪ ከተማ፣ ፋልከንሪጅ ሰፈር ነው። የተማርኩት እስከ ሃይስኩል ነው፤ አማርኛ ስጽፍ እየቆምኩ እያሰብኩ ነው። ቢሆንም እኔ ካልጻፍኩት ማንም አይጽፈውም። የምጽፈው የብየዳና የቆረጣ ሥራ ለምትሠሩ፣ በተለይ መርከብ ጥገና ላይ ለተቀጠራችሁ ነው።

ካልጋሪ ባሕር የላትም። ታዲያ መርከብ ከየት አገኛችሁ የሚል ይኖራል። ኤርሚያስ ብየዳ የተማረው አዲስ አበባ፣ ቄራ አካባቢ ከነበረ ጋራዥ ነው። እዚህም ብረት ሥራ ላይ ቆይቶ ሥራው ሲቀዘቅዝ ሌይኦፍ ተብሎ ከሥራ ተቀነሰ። ያኔ ሠራተኛ የሚያቀርብ አንድ ድርጅት ከካልጋሪ ሰው እየቀጠረ በአውሮፕላን ወደ ምዕራቡ የባሕር ዳርቻ ይወስድ ነበር። ሁለት ሳምንት ሥራ፣ አንድ ሳምንት ቤት። ኤርሚያስ ቆራጭ ሆኖ ገባ፤ እኔን ፋየር ዋች አድርጎ አስገባኝ። ፋየር ዋች ማለት ቆራጩ በጋዝ እሳት ብረት ሲቆርጥ እሳት ማጥፊያ ይዞ ከአጠገቡ የሚቆም፣ ፍንጣሪ የሚጠብቅ ሰው ነው።

መርከቧ አሮጌ የጭነት መርከብ ነበረች። እኔ ሳያት ከውሃ ወጥታ በትልልቅ ግንዶች ላይ ተቀምጣለች። ሞተሯ ተፈታቷል። ከኋላ የሚገፋት ትልቁ መዘውር ወልቆ መሬት ላይ ተጋድሟል። ጎኗ ላይ የጋራዥ በር የሚያህል ቀዳዳ ተቆርጦላት በዚያ በኩል በእግራችን ነበር የምንገባው። ጫማችን እንኳ አይረጥብም። ምሳና እራታችን ግን እላይ፣ በፊት የመርከቧ ሰዎች ይበሉበት ከነበረው ክፍል ነው። አልጋችንም እዚያው። ይህ በኋላ ጣጣ አመጣብን።

አቢዴል የሚባለው የካልጋሪ ሰፈር የሚኖሩ ጋሼ ሀብቶም የሚባሉ ኤርትራዊ አዛውንት አሉ። በወጣትነታቸው አሰብ ወደብ ጸሐፊ ነበሩ፤ አማርኛቸው ከኛ ይበልጣል። ፎርም መሙላት ያቃተው ሰው ሁሉ የሚሄደው እሳቸው ዘንድ ነው። ለእረፍት ሳምንታችን ስንመጣ የቤተ ክርስቲያኑ ፓርኪንግ ላይ ካዩን ይጮኻሉ።

«መርከበኞቹ መጡ! ባሕሩ እንዴት ነው?»

«ጋሼ፣ መርከቧ እኮ መሬት ላይ ናት ያለችው» እላቸዋለሁ።

«ዝም በል አንተ! ይቺ መኪናዬ ክረምቱን ሙሉ ስትቆም መኪና መሆኗ ቀረ?»

ኤርሚያስ ይስቃል። ስሙ ደስ ይለው ነበር። እናታችንም አዲስ አበባ ሆና ለጎረቤት «ልጄ ካናዳ መርከበኛ ሆነ» ትላለች። ኤርሚያስ ግን ዋና እንኳ አይችልም።

የታመምንበት ቀን የሁለት ሳምንታችን የመጨረሻ ሺፍት ነበር። ከታች፣ ሞተር ክፍሉ ውስጥ፣ የድሮ ብሎኖች ቆርጠን እንድናወጣ ታዘዝን። ብሎኖቹ ከቆሻሻው ሥር ቢጫ፣ የሚያብለጨልጩ ነበሩ።

«ኤርሚ፣ ይሄ ነገር ወርቅ ነው እንዴ?»

«ወርቅ ቢሆን አንተን አመጣህ ነበር? ብቻዬን ነበር የምቆርጠው።»

ከጠዋቱ ጀምሮ ጭስ የሚስብ ወፍራም ቱቦ ነበረን። ከምሳ በኋላ ስንመለስ ወደ ሌላ ክፍል ወስደውታል። ፎርማኑ «አንድ ሰዓት ብቻ፣ ይመለሳል» አለ። አልተመለሰም። አፋችን ላይ የነበረው የወረቀት ማስክ ነው። እኔ «እንቁም እንዴ?» አልኩት። «ነገ ፍላይት አለን፤ ይሄ ካላለቀ አይለቁንም» አለኝና መነጽሩን አወረደ። ፋየር ዋች ሥራ የማስቆም መብት እንዳለው ትሬኒንግ ላይ ተምሬአለሁ። አላስቆምኩም። ይህን የማልጽፈው ቢሆን ደስ ይለኝ ነበር።

ሥራው ሲያልቅ አፌ ውስጥ የሆነ የሚጣፍጥ፣ ሳንቲም የመሰለ ጣዕም ነበር። ሲመሽ ሁለታችንንም ብርድ ብርድ አለን፤ ጉሮሯችን ደረቀ። ኤርሚያስ አልደነገጠም። ቄራ ጋራዥ የተማረው ነገር አለ፤ ጭስ የሳበ በያጅ ወተት ይጠጣል። ከኪችን አንድ ትልቅ ወተት አምጥቶ ሰጠኝ።

«ጠጣ፣ ይጠርገዋል።»

«አንተስ?»

«ሁዳዴ ነው።»

«እኔስ ታዲያ?»

«አንተ መች ጾመህ ታውቃለህ? ትናንት በርገር ስትበላ አይቼሃለሁ።»

ጠጣሁ። እሱ ውሃ ጠጣ። በማግስቱ ካልጋሪ ገባን።

ቤት ስንደርስ ትኩሳቱ ብሶ ነበር። ሶስና ያለ ቀጠሮ የሚገባበት ዎክ ኢን ክሊኒክ ወሰደችን። የሁለት ሰዓት ተኩል ወረፋ ጠበቅን። ኤርሚያስ ጭንቅላቱን ግድግዳው ላይ አስደግፎ ዓይኑን ጨፍኗል። ሐኪሙ ጥሩ ሰው ነው፤ አልወቅሰውም። «ሥራህ ምንድን ነው?» ብሎ ጠየቀ። ኤርሚያስ በእንግሊዝኛ «መርከብ ላይ ነው የምሠራው» አለው። በእኛ ልብ ያለው ቀዳዳዋ፣ እሳቱ፣ ብሎኑ ነው። ሐኪሙ ግን የሰማው ባሕር ነው። «የትኞቹ አገሮች ደርሳችኋል?» አለ። «የትም» አልነው። «ሌሎቹ መርከበኞች ታመዋል?» አለ። አናውቅም። ወቅቱ የጉንፋን ነው፤ ፈሳሽ ጠጡ፣ እረፉ፣ ካልተሻላችሁ ተመለሱ ብሎ ሸኘን። እኔ ራሴ እንግሊዝኛ ከኤርሚያስ ይሻለኛል። ብረት ስንቆርጥ ነበር ማለት እችል ነበር። አልመጣልኝም። ጉንፋን ነው ሲባል ደስ ብሎኝ ነበር።

በሦስተኛው ቀን የኤርሚያስ ከንፈር ሰማያዊ ሆነ። ሲተነፍስ ትከሻው አብሮ ይነሣል። አምቡላንስ ሁለታችንንም ኢመርጀንሲ አደረሰን። እዚያም «መርከብ ላይ» የሚለው ቃል ቀደመን። የተወለድንበትን አገር ጨምረው አሰቡና የሳንባ ነቀርሳ እንዳይሆን ብለው ለየብቻ ክፍል ዘጉብን። በመስታወት በኩል ይታየኝ ነበር። አውራ ጣቱን አነሣልኝ። ከዚያ በኋላ የመተንፈሻ ቱቦ አስገቡለት፤ አልተነጋገርንም።

በማግስቱ አንዲት ወጣት ሐኪም ገባች። ወንበር ስባ ተቀመጠች። ከሁሉም የተለየ ጥያቄ ጠየቀችኝ።

«መርከቧን ተዋት። በመጨረሻው ቀን በእጃችሁ ምን ስትሠሩ ዋላችሁ?»

«ብሎን ስንቆርጥ። በእሳት።»

«ብሎኑ ምን ዓይነት ቀለም ነበረው?»

«ቢጫ። እንደ ወርቅ።»

እስክሪብቶዋን አስቀመጠች። «ማራገቢያ ነበር?» አለች። ነገርኳት። ሮጣ ነው የወጣችው።

ካድሚየም ይባላል። ብረት እንዳይዝግ የሚለብሰው ሌላ ብረት ነው። ቀዝቃዛ ሆኖ ሲነኩት ወዲያው የሚታይ ነገር የለውም። በእሳት ሲቆረጥ ግን ጭስ ይሆናል፤ ጭሱ ሳንባን ከውስጥ ያቃጥላል። ክፋቱ የሚጀምረው እንደ ጉንፋን መሆኑ ነው። ሰውየው ተኝቶ ይድናል ተብሎ ሲጠበቅ ሳንባው ውሃ ይሞላል። ምርመራው አረጋገጠው። ለኔ በደም ሥር መድኃኒት ጀመሩልኝ። ኤርሚያስ በአምስተኛው ቀን፣ ረፋድ ላይ፣ ሶስና እጁን ይዛው ዐረፈ። ሠላሳ አራት ዓመቱ ነበር።

ቀብሩ ላይ አልነበርኩም። ኦክስጅን ላይ ነበርኩ። ሰው በስልክ አሳየኝ፤ ስክሪኑ ይንቀጠቀጥ ነበር። ቄሱ ስለሱ ሲናገሩ «መርከበኛው ወንድማችን» አሉ።

ከሦስት ሳምንት በኋላ ወጣሁ። የቤታችን ደረጃ ስምንት ነው፤ ሁለት ጊዜ ዐርፌ ነው የወጣሁት። በቀን በቀን እየጨመርኩ እንድራመድ ታዝዤ ነበር። በመጀመሪያው ሳምንት ሁለት ቤት አልፌ እግረኛ መንገዱ ጠርዝ ላይ እቀመጣለሁ። ሦስተኛው ቤት ያለች፣ ስሟን እስከ ዛሬ የማላውቃት ሴት፣ አንድ ቀን የኪችን ወንበር አውጥታ ሣሩ ላይ አስቀመጠች። እስከ መጀመሪያው በረዶ ድረስ እዚያው ነበር። በበጋው መጨረሻ ወንበሩን አልፌ እስከ ባስ ፌርማታው ደረስኩ። አሁን አንድ ሰዓት እራመዳለሁ። መሮጥ አልችልም። እንደማልችል ነግረውኛል፤ እኔ ግን ገና አልፈረምኩበትም።

ከሰውነቴ ይልቅ ያስቸገረኝ ወተቱ ነበር። ሶስና በሐዘኗ መካከል አንድ ቀን «እሱ ጾመ፣ አንተ ጠጣህ» አለችኝ። ከዚያ አፏን ያዘች። ግን ወጥቷል። ሳንባዬን የሚከታተለው ሐኪም ዘንድ ስሄድ ጠየቅኩት፤ ወተቱ ነው ወይ ያተረፈኝ? «ወተት ሆድ ውስጥ ነው የሚገባው። ሳንባ ጋ አይደርስም» አለኝ። «እሱ እሳቱ ላይ አጎንብሶ ነበር፤ አንተ ከኋላው ቆመህ ነበር። ልዩነቱ ይኸው ነው።» ይህን ለሶስና ቃል በቃል ነገርኳት። ስታለቅስ አብሬ አለቀስኩ። በያጆች ሁሉ ይስሙኝ፤ ወተት መድኃኒት አይደለም። ጭስ የሚስበው ቱቦ ነው መድኃኒቱ።

አሁን ወደ ፎርሙ ልምጣ። እኔ ሆስፒታል ሳለሁ ሶስና የካሳ ማመልከቻውን ይዛ ጋሼ ሀብቶም ዘንድ ሄደች። ለሷና ከኤርሚያስ ለወለደችው ልጅ መተዳደሪያ፣ ለኔ ሕክምና የሚጠየቅበት ወረቀት ነው። የሥራ ዓይነት የሚለው ቦታ ላይ ጋሼ በሚያምር የእጅ ጽሑፋቸው፣ በእንግሊዝኛ፣ መርከበኛ ብለው ጻፉ። ለሁለታችንም።

በአንድ ሳምንት ውስጥ ሁለት ደብዳቤ መጣ። የየብስ ሠራተኞችን ጉዳይ የሚያየው ቢሮ፣ እናንተ መርከበኞች ስለሆናችሁ እኛን አይመለከትም አለ። የባሕር ሠራተኞችን ጉዳይ የሚያየው ደግሞ፣ መርከቧ በከፍተኛ ጥገና ላይ ስለነበረች መርከበኛ አትባሉም አለ። ቀጣሪው ድርጅት የመርከቧን ባለቤት ጠይቁ ይላል። ባለቤቱ ቀጣሪውን ጠይቁ ይላል። ወንድሜ የሞተው የትም አይደለም ማለት ነው።

ጋሼ ዘንድ ደብዳቤዎቹን ይዤ ሄድኩ። ደጋግመው አነበቧቸው።

«ጋሼ፣ አንቱ ምን ብለው ነው የጻፉት?»

«መርከበኛ ብዬ።»

«ምነው?»

«አሰብ መርከብ ላይ ምሳውን የበላ ሁሉ መርከበኛ ነበር፣ ልጄ። ላከብረው ብዬ ነው።» መነጽራቸውን አወለቁ። «ላከብረው ብዬ ቀበርኩት።»

ልቆጣ ነበር የሄድኩት። አልቻልኩም።

በነጻ የምታግዝ ጠበቃ አገኘን። ጋሼ በመኪናቸው ላይ የቀለዱትን ጥያቄ እሷ በቁም ነገር ጠየቀችን። እንዳስረዳችን፣ መርከብ ተብላ መጠራቷ ብቻ አይበቃም፤ አገልግሎት ላይ ነበረች ወይ ተብሎ ይጠየቃል። ቀለም ለመቀባት ሦስት ቀን የቆመች መርከብ አንድ ነገር ናት። ሞተሯ ተፈቶ፣ ጎኗ ተቀዶ፣ ወራት የምትቆም ሌላ ናት። እዚያ ውስጥ ብረት የሚቆርጥ ሰው ፋብሪካ ውስጥ ከሚቆርጥ ሰው አይለይም። «ነገር ግን» አለች፣ «ናሆም፣ ወንድሜ መርከበኛ አልነበረም ብለህ በአፍህ መናገር አለብህ። በግልጽ።»

ሶስና ከክፍሉ የወጣችው ያን ጊዜ ነው። እናታችንን ደውዬ ስነግራት «የቀረችውን ስሙን ልትቀማው ነው?» አለችኝ። ከቀጣሪው ድርጅትም አንድ ሰው ደወለ። መርከበኛ መሆናችሁን ፈርሙና የመርከቧን ባለቤት አብረን እንጠይቃለን አለኝ። ድምፁ ጣፋጭ ነበር። ትንፋሽ ስለሚያጥረኝ ብዙ መናገር አልቻልኩም። «አልፈርምም» ብዬ ዘጋሁት። ለዚያች የሚበቃ ሳንባ ነበረኝ።

ጉዳያችን በይግባኝ በቪዲዮ ታየ። የጠበቃዋ ቢሮ ተሰብስበን ተቀመጥን፤ ጋሼ ሱፍ ለብሰው መጥተዋል። የቀጣሪው ድርጅት ተወካይ መናገር ጀመረ፤ እዚያው ይተኙ ነበር፣ እዚያው ይበሉ ነበር፣ በራሳቸው ፎርም መርከበኛ ነን ብለዋል። ጋሼ እጃቸውን አወጡ።

«እኔ ነኝ የጻፍኩት። ስህተቱ የኔ ነው። የሟቹ አይደለም» አሉ።

ተወካዩ ወደኔ ዞረ። «ወንድምህ ራሱን መርከበኛ ብሎ ይጠራ ነበር?»

«አዎ» አልኩ። ጠበቃዋ አየችኝ። «ይቀልድ ነበር። ደስ ይለው ነበር። መርከበኛ ግን አልነበረም። ቆራጭ ነበር።»

ይግባኙን የምትሰማው ሰብሳቢ ጣልቃ ገባች። «መርከቧ በዚያ ሳምንት ለመሄድ ብትፈልግ ምን ታደርጉ ነበር?» አለችኝ።

«አትችልም።»

«ለምን?»

«በሩ ጎኗ ላይ ነው። በእግራችን ነው የምንገባው። ውሃ ላይ ብትወርድ በኛ በር ውሃው ይገባል።»

ሳል ያዘኝ። ሳሉ እስኪያልቅ ጠበቁኝ። ከዚያ «መዘውሩም መሬት ላይ ነበር» አልኩ፤ «ኤርሚያስ ላዩ ላይ ተቀምጦ ብርቱካን ይበላ ነበር።»

እናንተ በዚህ ሥራ ያላችሁ፣ ይህን ያዙልኝ። ሐኪም ሥራህ ምንድን ነው ሲላችሁ የቦታውን ስም አትንገሩት። በእጃችሁ ምን እንደነካችሁ፣ ምን እንደቆረጣችሁ፣ ምን ዓይነት ጭስ እንደሳባችሁ ንገሩት። ጭስ ስባችሁ ትኩሳት ከያዛችሁ ጉንፋን ነው ብላችሁ አትተኙ፤ ያንኑ ቀን ሂዱ። ፎርም ላይ ማዕረግ አትጻፉ፤ ሥራችሁን ጻፉ። መርከብ ላይ ያላችሁም ውሃ ላይ ናት ወይስ ተፈታታለች፣ ለምን ያህል ጊዜ ቆማለች፣ ቀጣሪያችሁ ማነው፤ ሳትታመሙ እወቁት። ሕጉ ከቦታ ቦታ ስለሚለያይ የኔን ቃል እንደ ጠበቃ ቃል አትውሰዱት። ግን ጠይቁ። አታፍሩ። እኛ አፍረን አይደለም፤ ቃሉ አምሮን ነው። ያማረ ቃልም ይገድላል።

ውሳኔው የመጣው ከማመልከቻው በኋላ በአሥራ አንደኛው ወር ነው። ሶስና ልጇን ትምህርት ቤት አድርሳ ስትመለስ ጠረጴዛው ላይ ሰጠኋት። ኮቷን ሳታወልቅ አነበበችው። አንድ ጊዜ፣ ሁለት ጊዜ።

«ወርከር ነው የሚለው? ሠራተኛ?»

«አዎ።»

«ሌላ ምንም አይልም?»

«አይልም። ወርከር፤ ሥራው ላይ በደረሰበት ጉዳት ሞተ። የኔንም ተቀብለዋል።»

«ማን እንደበደለውስ?»

«እሱን አይልም። እሱ የዚህ ቢሮ ሥራ አይደለም።»

«የማን ሥራ ነው?»

«የሥራ ቦታ ደኅንነት የሚመረምር ሌላ ቢሮ አለ። ጠበቃዋ ነግራኛለች፤ ፎርሙንም ሰጥታኛለች። ካሳውን ካገኘ በኋላ ብዙ ሰው እዚህ ላይ ያቆማል ብላለች።»

ሶስና ደብዳቤውን አጥፋ ኮቷ ኪስ ውስጥ ከተተችው። ወንበር ሳበች።

«ብዙ ሰው ያቁም» አለች። «ሥራ ላይ ነው የሞተው ካሉ፣ ያን ቀን ሥራው ላይ ማን ምን እንዳዘዘ ይንገሩን። የዚያን ቢሮ ፎርም አምጣ።»

አመጣሁ። ከሰዓት በኋላውን ሙሉ ሞላነው። ሲደክመኝ እሷ ትጽፋለች፣ ስትቆም እኔ እጽፋለሁ። ሁለታችንም ፈረምንበት።